የእትዬ ኦክሂ ዲስኮች

ሰብሳቢ ያለበት ቤተሰብ ዕረፍት የለውም። ቴምብር ሰብሳቢ ቢሆን እንኳ ደግ ነው፣ ቦታ አይፈጅም። የእኛዋ ክብርት እትዬ ኦክሂ ግን የምትሰበስበው አንድ ኮንሰርት ነው። በልጅነቷ የምትወደው የዘፋኞች ቡድን ከመበተኑ በፊት ሴኡል ላይ ያቀረበውን የስንብት ኮንሰርት ዲስክ፣ ያንኑ አንዱን፣ ባገኘችው ቁጥር ትገዛዋለች።

ቁም ሣጥኑ ሞላ፣ አልጋው ሥር ሞላ። እናታችን አንድ ቀን ኪምቺ የምንለው የቦካ ጎመን የሚቀመጥበትን ማቀዝቀዣ ስትከፍት ጎመኑ በረንዳ ላይ ወጥቶ ዲስክ ተደርድሮበት አገኘች።

“ይኼኛው ደግሞ ለመቡካት ስንት ቀን ይፈጅበታል?” አለች።

እኔ ታናሽ ወንድሟ ነኝ፤ ማለትም ሹፌሯ። ሰው በበዓል ወደ አያቶቹ መቃብር ሲሄድ እኔ አንድ አሮጌ ዲስክ ላመጣ ቡሳን ከተማ ድረስ እላካለሁ። “ይኼ የመጨረሻው ነው” ትለኛለች ሁልጊዜ። ደክሞኛል።

ምክንያቱን ቤተሰቡ ሁሉ ያውቀዋል። በመጨረሻው ዘፈን መሃል የቡድኑ መሪ ዶክዩን እንባ አንቆት ቆመ፣ ስታዲየሙም ጸጥ አለ። ያኔ ገና ተማሪ የነበረችው እህቴ በዚያ ጸጥታ ውስጥ “ዶክዩን፣ ራት በልተሃል?” ብላ ጮኸች። በእኛ አገር የምንወደውን ሰው የምንጠይቀው ይህንኑ ነው፤ ቦታው ግን አልነበረም። ሕዝቡ በሳቅ ፈነዳ፣ ዶክዩንም እያለቀሰ ሳቀ፣ ሁሉም ተቀዳ። የቡድኑ አፍቃሪዎች “ለቅሷችንን ያበላሸች” እያሉ እስከ ዛሬ ያሟታል። እሷም ማንም እንዳይሰማት ዲስኮቹን ከምድር ላይ ለቅማ ልትጨርስ ተነሳች። ባሕር በጭልፋ ተቀድቶ ያልቃል ወይ ብላት “አንተ መኪናህን ንዳ” አለችኝ። የገዛችውን ሁሉ ደግሞ ከፍታ ታየዋለች፤ እዚያ ቦታ ላይ ሲደርስ ትራስ ፊቷ ላይ ትጭናለች።

ባለፈው ሳምንት ኮንሰርቱ ድምፁ ጸድቶ በአዲስ ዲስክ ወጣና አብረን ተቀመጥን። ዶክዩን ቆመ፤ እትዬ ትራሷን አነሳች። ጸጥታው መጣ፣ ቆየ፣ ዘፈኑ ቀጠለ። ጩኸቷንም የሕዝቡንም ሳቅ ጠርገው አውጥተውታል። እኔ በልቤ ከመንዳት ተገላገልኩ አልኩ።

እሷ ትራሱን ዝቅ አድርጋ “የት ሄድኩ?” አለችኝ።

“ይኸው ተገላገልሽ፣ እትዬ።”

“እሱ እኮ የሳቀው በኔ ምክንያት ነው። አሁን ዝም ብሎ ያለቅሳል።”

አንጀቴን በላችው። ተነስቼ አዲሱን አወጣሁና አንዱን አሮጌ ዲስክ ከተትኩ። ያ ቀጭን የልጅ ድምፅ ቤቱን ሞላው፤ እትዬ በዚህኛው ፊቷን አልሸፈነችም። ስንት ዓመት ያሰለቸኝን ድምፅ፣ ዘፈኑ ሳያልቅ ወደ ኋላ መልሼ ደገምኩት።