ልጄ በሹፌር ሚዛን

ሥራ ከሰው ላይ አንድ ነገር ሳያበላሽ አይቀርም። የልብስ ሰፊ ዓይኑ ይደክማል፣ የመምህር ጉሮሮው ይሻክራል። ሹፌር ደግሞ ወገቡን ነው ይባላል። እኔ ግን በጅቡቲ መንገድ ስመላለስ የተጎዳሁት ምላሴን ነው። ሚዛን ጣቢያ ደርሼ «ስንት ጫንክ?» ስባል ቀነስ አድርጌ እመልሳለሁ። ሚዛኑ እዚያው እንደሚያጋልጠኝ እያወቅኩ! አመል ያወጣል ከመሃል አይደል የሚባለው?

በቀደም የአራት ዓመቷ ልጄ ሐዋ ታመመች። ሰመራ ላይ የልጅን ትኩሳት መለየት ራሱ እውቀት ይጠይቃል፤ ግድግዳውም ያተኩሳል፣ የቧንቧው ውሃም ያተኩሳል። ባለቤቴ ዘሃራ ግን እናት ናትና በእጇ ዳብሳ ለየችው። እሷ አራስ ስለሆነች የትኩሳት ሽሮፕ እንዳመጣ እኔን ላከችኝ።

ፋርማሲስቷ የልጅቷን ኪሎ ጠየቀችኝ። አፌ እኔን ሳያማክር «አሥራ ሁለት» አለ።

እሷም እያሰላች አስረዳችኝ። ለአንድ ኪሎ አሥራ አምስት ሚሊ ግራም ከሆነ፣ ለአሥራ ሁለቱ መቶ ሰማንያ። በአምስት ሚሊ ሊትር ሽሮፕ ውስጥ መቶ ሃያ ሚሊ ግራም ስላለ፣ አንዱ ሚሊ ሊትር ሃያ አራት ይይዛል። መቶ ሰማንያ ለሃያ አራት ሲካፈል ሰባት ተኩል ሚሊ ሊትር! እኔም መኪናዬ ከሚሌ እስከ አዋሽ ስንት ሊትር ናፍጣ እንደምትጠጣ በቃሌ የማውቅ ሊቅ ነኝና፣ ስሌቷን መርምሬ አጸደቅኩላት።

ሰጠናት። ትኩሳቱ ግን ንቅንቅ አላለም። በማግስቱ ልጄ ስጠራት ዓይኗን መግለጥ አቃታት። ያኔ ፈራሁ። ታዲያ የፈራ ወንድ ምን ያደርጋል? ይጮሃል! ሐዋን ታቅፌ «የሸጣችሁልኝ የውሸት መድኃኒት ነው!» እያልኩ መድኃኒት ቤቱ ደረስኩ።

ፋርማሲስቷ ልጄን ተቀብላ ሚዛን ላይ አስቀመጠቻት። አሥራ ስድስት ኪሎ።

«አባቷ፣ አሥራ ሁለት አላሉኝም?» አለች።

ለካ ውሸት በትክክል ቢባዛም ያው ውሸት ነው። ከልጄ አራቱ ኪሎ ያለ መድኃኒት ነው ያደረው! ፋርማሲስቷ ልኩን አሥር ሚሊ ሊትር አድርጋ ጻፈችልኝና ጤና ጣቢያም ያሳዩዋት ብላ ሰደደችኝ። እዚያም መርምረው አረጋጉኝ።

ከሰዓት በኋላ ሐዋ ላብ በላብ ሆነች፤ ውሃ ጠየቀች። አልሐምዱሊላህ! ደስታዬ በዛና ጥፋቱ የእኔ እንደሆነ፣ ኪሎዋን ቀንሼ እንደተናገርኩ ለዘሃራ ተናዘዝኩ።

ዘሃራ ፊቷን አጠቆረችብኝ። «ወላሂ በል፣ ከልጄ ላይ ስንት ኪሎ ቀነስክ?» አለችኝ።

«አንድ ብቻ» አልኳት።