ፈርን በአመድ ሲታጠብ

እስቲ ልጠይቃችሁ፤ የማይበላ፣ የማይሸጥ፣ ለከብት እንኳ የማይሆን ተክል ውኃ ስታጠጡ ጎረቤት ቢያያችሁ ምን ይላል? እኔን «መጽሐፍ ያዞራት» ብሎኛል። ዕድሜዬን በጅማ ጥላና ጉም ውስጥ ፈጅቼ ወደ ፍኖተ ሰላም ስመለስ፣ ከመጻሕፍቴ ሌላ ያመጣሁት አንድ ማሰሮ ፈርን የሚባል የጫካ ጥላ ተክል ነበር። በነቀምት በኩል፣ አውቶቡስ ውስጥ፣ ጭኔ ላይ። ቡሬ ስንደርስ አንዱ ተሳፋሪ «እማማ፣ ጎመን ነው?» አለኝ።

ፈርን ፀሐይ አይወድም። ስለዚህ በታላቅ ወንድሜ ግቢ፣ ውኃ ከሚያንጠባጥበው በርሜል አጠገብ ጥላ ፈልጌ፣ አፈሩን በበሰበሰ ቅጠል አለስልሼ አኖርኩት። ወንድሜ ጋሼ አያሌው ዞር ዞር ብለው አዩት።

«አበባ የለው፣ ፍሬ የለው፤ ምን ይሁን ብለሽ ነው?»

ቃሉን አውቀዋለሁ። ጅጋ ከተማ ተድሬለት የነበረው ባሌ «ፍሬ የላትም» ብሎ ሲፈታኝ፣ ከሽማግሌዎቹ መካከል ተቀምጠው «እውነት ነው» ያሉት እሳቸው ነበሩ። አገሬን ጥዬ የወጣሁትም ያኔ ነው።

ሰኔ ሊገባ ሲል፣ ከገበያ ስመለስ ፈርኔ ተላጭቶ ጠበቀኝ። የወንድሜ ሚስት ጥሩዬ በቅጠሎቹ ጀርባ የተሰለፉትን ቡናማ ነጥቦች አይታ፣ የጎመን ቅማል መስሏት በአመድ ውኃ ፈትጋለች፤ አልለቅ ሲላት ቅጠሉን ሁሉ ቆርጣ ጥላለች።

«እትዬ፣ ቅማል ወርሶት አገኘሁትኮ። ላግዝዎት ብዬ ነው።»

«ቅማል አይደለም፤ ዘሩ ነው።»

ተቀምጬ አለቀስኩ። ከዚያ ሁሉ ዕድሜ አብሮኝ የመጣ ሕይወት ያለው ነገር እሱ ብቻ ነበር።

ክረምቱ ገባ። ከተላጨው ጉቶ መካከል አንድ ጠጉራም ጥቅልል ብቅ አለ፤ ቄስ ጥምጥሙን ሳይቸኩል እንደሚፈታ እየተተረተረ ተዘረጋ። በርጩማ አምጥቼ ፊት ለፊቱ ተቀመጥኩ። ብዙ አንብቤያለሁ፤ እንዲህ የሚገለጥ ገጽ ግን አላየሁም። መስከረም ሲጠባ ደግሞ፣ ጥሩዬ እጣቢውን በደፋችበት እርጥብ ድንጋይ ላይ ከጥፍር ያነሱ አረንጓዴ ቅጠሎች ፈሉ። ከተፈተገ፣ ከታጠበ፣ ከተደፋ ዘር። አፌን በእጄ ይዤ ቀረሁ።

ጋሼ አያሌውም አጎንብሰው ሲያዩ ቆዩ።

«በይ እንግዲህ፣ እታለም» አሉ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፤ «ፈጣሪ እንዲህ ካበዛው፣ ያለፈውን ይቅር በይ። የጅጋውንም ሰውዬ፣ እኔንም።»

ጥሩዬ አቀረቀረች። እኔ ለቡቃያዎቹ በጣቴ ውኃ እረጫለሁ።

«እሱንም፣ እርስዎንም፣ ማንንም ይቅር አልልም።»