በቢሮአችን ገጽ የፀጉር ቅባት ላዘዛችሁ ሁሉ

የዛሬውን ጉዴን ስነግራችሁ «ራስህ ፈልገህ ነው» እንደምትሉኝ አውቃለሁ። ልክ ናችሁ!

ቦንጋ ውስጥ የቡና ጉዳይ የሚመለከተው ቢሮ የኮሙኒኬሽን ባለሙያ ነኝ። የቢሮውን ገጽ ፓስወርድ የማውቀው እኔ ብቻ ነኝ።

ነበርኩ።

በሥራ ሰዓት ሶሻል ሚዲያ ተዘግቶብናል። ታዲያ ዜናውን በምን ልለጥፍ? አንድ ነፃ የዌብ ፕሮክሲ አገኘሁ። ዳውንሎድ የለ፣ ምን የለ፤ ሳይቱ ላይ ሊንኩን ስትጽፉ የተዘጋው ይከፈታል። ፓስወርዱን እዚያው አስገባሁ።

ነፃ ነዋ!

ከቢሮዬ በር ላይ ደግሞ «ፕሮክሲ መጠቀም በሕግ ያስጠይቃል» የሚል ማስታወቂያ አለ። የጻፍኩት እኔ ነኝ። በቦልድ!

ዛሬ ጠዋት የማንኪራ ቀበሌው ንብ አናቢ ጋሽ አደሎ ኮፍያቸውን አውልቀው ገቡ። መላጣቸውን እያሳዩኝ «ቅባቱን ልወስድ ነው» አሉኝ።

የምን ቅባት?

ስልካቸውን ዘረጉልኝ። በእኛው ገጽ፣ በእኛው ሎጎ፣ «በሳምንት ፀጉር የሚያበቅል ቅባት!» ከሥሩ የኃላፊያችን የጋሽ ወልዴ ፎቶ፤ «ከመቀባታቸው በፊት» ይላል።

ልግባና ላጥፋው ብል ፓስወርዱ ተቀይሯል፤ ለካ የፕሮክሲው ባለቤት እዚያ የጻፍኩትን ሁሉ ያይ ኖሯል።

ወዲያው ስብሰባ ተጠራ። «ግለ ሂስ የሚያደርግ አለ?» አሉ ጋሽ ወልዴ። ቀድሞ ያመነ ይታለፋል ብዬ ሁሉንም ዘረገፍኩት። ፕሮክሲውን ያሳየኋቸው ዘጠኝ ሰዎችም ይከተሉኛል ብዬ ጠበቅኩ።

ዘጠኙም ጣራ ጣራ ያያሉ። አንዷማ ጭራሽ «ፕሮክሲ ምንድነው?» ብላ ጠየቀች። ትናንት ድራማ ስታይበት ነበር እኮ!

የሕግ ባለሙያዋ እትዬ አስቴር መነጽራቸውን አስተካከሉ። «የመሥሪያ ቤት ፓስወርድ ለማይታወቅ ሰው አሳልፈህ ሰጥተሃል። ከሥራ መባረር ብቻ አይደለም፣ ሊያስከስስህም ይችላል።»

«ማስረጃስ?» አልኩ፣ እንደ ጎበዝ።

«ቃለ ጉባኤው ላይ አምነሃል።»

ሰው ሁሉ ወደ እኔ ዞረ። ቃለ ጉባኤ ያዡ እኔ ነኛ! አንድም ቃል ሳላስቀር፣ በሚያምር የእጅ ጽሑፍ፣ በራሴ ላይ ጽፌ ፈርሜያለሁ። አፈርኩ፣ የምር አፈርኩ።

ስወጣ ጋሽ ወልዴ ኮሪደር ላይ ክንዴን ያዙኝ። «ማክሰኞ ዲሲፕሊን ኮሚቴ ትቀርባለህ» አሉኝ። ግራ ቀኝ አዩና ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። «ለመሆኑ ቅባቱ ይሠራል?»

በሉ እንግዲህ ጸልዩልኝ። ደግሞ የዲሲፕሊን ኮሚቴው ጸሐፊ ማን እንደሆነ እስቲ ገምቱ?