ፖለቲካ ውስጥ የማይገቡት ሬቨረንድ

በአሜሪካ በየትልቁ ከተማ፣ በየጥቁሮቹ ሰፈር፣ ፖለቲካ ውስጥ ፈጽሞ የማይገባ አንድ ሰባኪ አለ፤ እሱ ሳይመርቀው ግን ማንም ከንቲባ አይሆንም። የምዕራብ ባልቲሞሩ ሰባኪ ክቡር ሬቨረንድ ዶክተር ቲኦፊለስ ክረምፕ ናቸው።

"ማንን ምረጡ አልልም" ይላሉ ምርጫ በደረሰ ቁጥር። "እኔ ፖለቲካ ውስጥ አልገባም። ጠዋት ስጸልይ ማን ትዝ እንዳለኝ መናገርም ኃጢአት ሆነ እንዴ?"

እሳቸውን የሚያስቆማቸው ኦርጋን ብቻ ነው። ስብከቱ ከምሳ ሰዓት ሲያልፍ ኦርጋን ተጫዋቿ ሉቬኒያ ቀስ ብላ ትጀምራለች። "እህት ሉቬኒያ ራበኝ እያለች ነው" ብለው እያዘኑ ያሳርጋሉ።

አንድ የምርጫ ዓመት ግን ሉቬኒያን ያስጨነቃት ሌላ ነገር ነበር። እናቷን እማማ ኦዴልን ለኩላሊት እጥበት ሆስፒታል የሚያደርሳቸው አውቶቡስ ተቋረጠ፤ እሷ ደግሞ ያን ሰዓት ሥራ ላይ ናት። "የቤተ ክርስቲያን ሰው ያደርሰኛል" አሏት እናቷ፣ ማን እንደሆነ ሳይናገሩ። እስከ መቼ? አውቶቡሱን ያስቀረው የምክር ቤት አባል፣ ሚስተር ዌልደን፣ አሁን ለከንቲባነት ይወዳደራል። ሬቨረንዱ ደግሞ እሁድ ይምጣ ብለው ጋበዙት!

"ይሄን ሰውዬ?" አለች ሉቬኒያ።

"እንግዳ ነው፣ ልጄ። አንቺ ኦርጋንሽን አሟሙቂ።"

ዌልደን "ለአምስት ደቂቃ" ብሎ መጣ። ሬቨረንዱ ነጭ ባርኔጣ ካጠለቁት እናቶች መሃል፣ እማማ ኦዴል አጠገብ ሸጎጡት። መዘምራኑ ሲዘምሩ ከምቱ ውጭ አጨበጨበ።

"አይዞህ፣ ልጄ፣ ትለምደዋለህ" አሉት እማማ ኦዴል፤ ከዚያ ትከሻው ላይ ተደግፈው ተኙ። ስብከቱ ሦስተኛ ሰዓቱን ሲይዝ ዌልደን ሰዓቱን ለማየት እንኳ እጁን ማንሳት አልቻለም።

በመጨረሻ ሬቨረንዱ "ወንድም ዌልደን፣ ተናገር" አሉ። "መጀመሪያ ግን፣ ትከሻህ ላይ የተኙት እናት ሆስፒታል በምን እንደሚሄዱ ንገረን።"

ዌልደን ላቡን ጠረገ።

"አውቶቡሱ... ይመለሳል፤ እኔ ከተ—"

"ከተመረጥኩ" ሊል ነበር። ሉቬኒያ በአሥሩም ጣቶቿ ኦርጋኑ ላይ ወረደችበት። ሕዝቡ እልል እያለ ተነሳ፤ የቀረውን ማንም አልሰማም። እማማ ኦዴል ነቅተው አብረው አጨበጨቡ።

ዌልደን በዚያ ሁሉ ምስክር ፊት የተናገረውን መካድ አልሆነለትም፤ አውቶቡሱ ከምርጫው በፊት ተመለሰ።

"ተመስገን! አውቶቡስ አይሰብክም" አሉ እማማ ኦዴል ማቆሚያው ላይ።

"ማን ሰበከብሽ፣ እማዬ?"

"ቲኦፊለስ ነዋ፣ ሬቨረንድሽ! በዚያ መርከብ በሚያክል መኪናው እያመላለሰ፣ መንገዱን ሙሉ! 'ለሉቬኒያ እንዳትነግሪያት፤ ውለታ ከያዛት ስብከቴን ማን ያስቆመዋል?' እያለ።"

በሚቀጥለው እሁድ ስብከቱ ከምሳ ሰዓት አለፈ። የተራበው ሕዝብ ሁሉ ወደ ኦርጋኑ ዞረ። ሬቨረንዱም ራሳቸው ቆም ብለው፣ በጎን አየት አደረጓት።

ሉቬኒያ እጆቿን ጭኗ ላይ አጣጥፋ ተቀመጠች።