ቀይዋ ጨረቃ ዛሬም አልታየችም

በውጭ አገር፣ ሐበሻ በሚበዛበት ሕንፃ ሁሉ አንድ የቀን ዳኛ አይጠፋም። ሊፍቱ ሊጠፋ ይችላል፣ ሙቅ ውሃው ሊጠፋ ይችላል፣ የቀን ዳኛው ግን አይጠፋም። «ሠርጌ መስከረም ላይ ነው» ቢሉት «እንኳን ደስ ያለህ» ከማለቱ በፊት እጁን ያነሣል፤ «ቆይ፣ በየትኛው አቆጣጠር?»

ፍሌሚንግደን ፓርክ በሚባለው ሰፈር፣ ያስሚን ባደገችበት ሕንፃ፣ ይህን ሥልጣን የያዙት አጎቷ ክቡር ጋሽ ሸምሰዲን ናቸው። ጋሽ ሸምሰዲን ጡረታ የወጡ የአውቶብስ ሹፌር ሲሆኑ የሐበሻውን፣ የፈረንጁንና የሒጅራውን ዘመን እንደ ሦስት ልጆቻቸው በአንድ ላይ ያሳደጉ ሰው ናቸው። ጎረቤታቸው ኩልሱም የልጇን አንደኛ ዓመት ስታከብር ሻማው ተለኩሶ፣ ሰዉ ለዘፈን አፉን ከፍቶ ሳለ፣ «ቆይ፣ በየትኛው አቆጣጠር? በሒጅራ ከሆነማ እኮ አልፏል!» አሉ። ሒሳቡ ተሠርቶ እስኪያልቅ ሻማው ኬኩ ላይ ቀልጦ አለቀ። ልጅቷ ግን እስከ ዛሬ ትወዳቸዋለች።

የክብራቸው ክብር የረመዳን ዋዜማ ነበር። ፀሐይ ስትጠልቅ አቅርቦ ማሳያ መነጽራቸውን አንጠልጥለው በረንዳቸው ላይ ይሰየማሉ። «ምስክር ሁለት ነው፤ አንድ ዓይን ይሳሳታል» ስለሚሉ ባለቤታቸው እትዬ ዙበይዳ በነጠላ ጫማ እየተጎተቱ ይወጣሉ። ስልኩ ፋታ አይሰጥም። ከክሬሰንት ታውን ይደወላል፣ ከሬክስዴል ይደወላል፤ ሁሉም የሚጠይቀው ጨረቃ ታየች ወይ ብሎ ነው።

ከዚያ አፕ የሚባል ነገር መጣ። ጨረቃን ቀና ብሎ ማየት ቀረና ጎንበስ ብሎ ማየት ሆነ። ባለፈው ረመዳን ከደወሉት ጥቂት ሰዎች አንዱ ቁጥር ተሳስቶ ነው፤ እሱንም ቢሆን ጋሽ ሸምሰዲን በቀላሉ አልለቀቁትም።

«ስልኩን ቻርጅ ያደርጋል፣ ድምፁን ይጨምራል፣ ከዚያ ቁጭ ብሎ ያየዋል» አሏት እትዬ ዙበይዳ ያስሚንን፣ ምድር ቤት ልብስ ሲያጥቡ። «ሰው አይደውልም። እንዲህ ሆኖ አይቼው አላውቅም።»

ደግነቱ ያስሚንም ጨረቃ ነበራት፤ ያውም ሁለት። ቅዳሜ ቅዳሜ ከጓደኞቿ ከሊዮና ከሔርሞን ጋር የምትጫወተው ጌም አለ፤ አንዱ ዓለም ይፈጥራል፣ ሌሎቹ ጠረጴዛ ከበው ዳይስ እየወረወሩ እዚያ ዓለም ውስጥ ይኖራሉ። ፈጣሪዋ ያስሚን ናት፣ የዓለሙ ስም ኦርዳል ነው። ድራጎን አለው፣ ነጭና ቀይ ጨረቃ አለው፣ የቀን መቁጠሪያ ግን የለውም። የጎደለውን ይዛ አጎቷ ዘንድ ሄደች።

«ጋሼ፣ ለኦርዳል ካሌንደር በመሥራት ሄልፕ ቢያደርጉኝ? ሁለት ሙን ነው ያለው።»

ጋሽ ሸምሰዲን የሻይ ብርጭቆአቸውን አስቀመጡ። «ሁለት? ታዲያ በየትኛዋ ነው የሚጾሙት?»

«ጾም የለም ጋሼ። ድራጎን ነው ያለው።»

«ድራጎኑስ መቼ እንደሚመጣ በምን ያውቃሉ?»

«ራንደም ነው።»

«ራንደም!» እናታቸው የተሰደበች ያህል ብድግ አሉ።

ከዚያ በኋላ የሚያቆማቸው አልተገኘም። የኦርዳል ተራራ ሕዝብ በነጯ፣ የባሕር ዳርቻው ሕዝብ በቀይዋ ጨረቃ እንዲቆጥር ደነገጉ፤ ጨረቃ መውጣቷን የሚያውጁትም እሳቸው ራሳቸው ሆኑ። ሁለቱ በአንድ ምሽት ከተወለዱ ሰይፍ አይመዘዝም፤ ሁሉም ሰው ጠላቱን እራት ይጋብዛል። ለወራቱም ስም አወጡ። ብርድ የሚጠናበት ወር፣ ተራራውን በእግር መውጣት ግድ የሚሆንበት፣ «ሊፍት ሰበር» ተባለ። ኮሪደሩ የሚታጠብበት የጸደይ ወር ደግሞ «በረኪና»። እትዬ ዙበይዳም በስሜ ይሰየምልኝ ብለው አመለከቱ፤ የደረሰቻቸው ግን የአምስት ቀን ትርፍ ወር ስለሆነች እስከ እራት ድረስ ባላቸውን አላናገሩም።

ቅዳሜ ጋሽ ሸምሰዲን ሱፍ ለብሰው፣ ከረባት አስረው ጌሙ ላይ ተገኙ። ድራጎኑ የከተማው በር ላይ ደርሷል። ሊዮ ዳይሱን አነሣ፤ «አታክ አደርጋለሁ!»

«ቆይ» አሉ ጋሽ ሸምሰዲን፣ «በየትኛው አቆጣጠር?»

በነጯ ከሆነ የሰላም ወር ነው። በቀይዋ ከሆነ ጦርነት የሚፈቀደው ገና ጨረቃዋ ስትታይ ነው። ሊዮ ከቀይዋ፣ ሔርሞን ከነጯ ወገን ሆነው ፒዛው እስኪደርቅ ተሟገቱ፤ ድራጎኑን ያስታወሰው አልነበረም። ያስሚን በቃ ጓደኞቼን አጣሁ ብላ ዳይሱን ሰበሰበች። ሊዮ ግን ሲወጣ፣ አንቱታ ያለመደው ምስኪን፣ «አንክል፣ ነምበርህን ስጠኝ። ቀይዋ ወጣች ወይ ብዬ ኮል ላድርግ» አለ። ጋሽ ሸምሰዲን አንተ መባላቸውን እንኳ አልሰሙም።

ሳምንታት አለፉ፤ ቀይዋ ጨረቃ አልታየችም። የባሕር ዳርቻው ጦር ድንበር ላይ ሰፍሮ ስንቁን ጨረሰ። የያስሚንም ትዕግሥት አብሮ አለቀ፤ አንድ አመሻሽ ላይ፣ ዛሬ ያቺን ጨረቃ ያወጧታል ብላ ወደ አጎቷ ወጣች።

ጋሽ ሸምሰዲን መነጽራቸውን አንጠልጥለው በረንዳው ላይ ቆመዋል። ስልካቸው የቻርጀር ገመዱን ከሳሎን እየሳበ የፕላስቲክ ወንበር ላይ ተቀምጧል። ያስሚን አፏን ሳትከፍት ስልኩ ጮኸ።

«አንክል፣ ዛሬስ? ወጣች?» የሊዮ ድምፅ ነው።

«አልታየችም። ዳመና ነው። ነገ ደውል።»

ስልኩን ሳያስቀምጡ ሔርሞን ደወለች። ጋሽ ሸምሰዲን ኮሌታቸውን አስተካክለው አነሡት። «ዳመና ነው የኔ ልጅ። ነገ ደውዪ፤ እንዳትረሺ።»

ያስሚን ከሰፈሩ ጥግ ካለው ከዶን ሸለቆ በላይ ያለውን ሰማይ አየች። መሐረብ የምታህል ዳመና እንኳ የለችበትም። የአጎቷን ፊት አየች፤ እንደ ድሮው የረመዳን ዋዜማ በርቷል። ያን ጊዜ ገባት። ሳቋም እንባዋም ባንድ ላይ መጡባት፤ ሁልጊዜም ትወዳቸዋለች፣ አሁን ደግሞ ባሰባት። ኦርዳል የእሷ ነው፤ «ወጣች» ካለች ወጣች።

ጋሽ ሸምሰዲን ዓይኗን ሳያዩ መነጽሩን ዘረጉላት።

«ምስክር ሁለት ነው። አንቺስ አየሻት?»

ያስሚን መነጽሩን ተቀብላ ጥርት ወዳለው ሰማይ አጥብቃ ተመለከተች።

«ዳመና ነው፣ ጋሼ» አለች።