በካውቦዮች አገር የቀረው ሰው

አንድ የወደድነውን ፊልም ከዓመታት በኋላ ደግመን የምናየው ለፊልሙ ስንል አይመስለኝም፤ ያኔ አጠገባችን አግዳሚው ላይ የተቀመጡትን ሰዎች ፍለጋ ነው። ራሳችንንም ጭምር። እናንተስ?

ቢቸና በመምህርነት ሳለሁ ጋሽ አያሌው የሚባሉ ሰው ቪዲዮ ቤት ነበራቸው። ካሴቱ ከመደጋገሙ ብዛት ምስሉ ጭጋግ የወረደበት ቆላ ይመስል ስለነበር፣ የማይታየውን እሳቸው በአማርኛ ይነግሩን ነበር። ቅኔ ቤት ቆይተዋልና ካውቦዩ ሁሉ በእሳቸው አፍ ሰምና ወርቅ ይናገራል። እኔ አብልጬ የወደድኩት በዘመን ወደ ኋላ ተጉዞ ካውቦዮች አገር የሚገባውን ሰው ታሪክ፣ ያውም ክፍል ሁለቱን ነው። ሰውየው እዚያ አንዲት ሴት ይወዳል። ወደ ዘመኑ የሚመልሰው ባቡር ሲመጣ ግን፣ "ላለፈ ክረምት ቤት አይሠራም ብሎ ተሳፈረ" አሉን ጋሽ አያሌው። አለቀ።

አጠገቤ ያኔ የምወዳት ብርቄ ተቀምጣ ነበር። ወደ ሞጣ ዝውውር ደርሶኝ፣ በእሷ ምክንያት ልሂድ ልቅር እያልኩ የማመነታበት ሰሞን ነው። እንግዲህ አትሳቁብኝ፤ በሳምንቱ ሻንጣዬን አውቶቡስ ላይ ጫንኩ።

ሞጣ ለመደችኝ። አገባሁ፣ ወለድኩ፣ ሸበትኩ። በቅርቡ አንድ ባልደረባዬ ያንኑ ፊልም እንደ አዲስ ታድሶ፣ ምስሉ ጠርቶ፣ በፍላሽ ሰጠኝ። እሑድ ከቅዳሴ መልስ ከባለቤቴ ከስንዱ ጋር አየነው። ጭጋጉ ተገፏል፤ የፈረሱ ላብ ሳይቀር ይታያል። ሴትዮዋ ለካ ዐይኗ አረንጓዴ ኖሯል! ባቡሩ መጣ፣ ጮኸ፣ ሄደ። ሰውየው ግን ከሴትዮዋ ጋር ሐዲዱ ዳር ቆሞ ቀረ። ጢሱ ቀስ እያለ ሜዳውን ሲሞላው፣ እኔ ቢቸና ልሁን ሞጣ ለጊዜው ጠፋኝ።

ለጋሽ አያሌው ደወልኩ። ስለ ጤና፣ ስለ ዝናቡ፣ ስለ ጤፉ ከተጠያየቅን በኋላ፣ ያንን ሰው ለምን እንዳሳፈሩት ቀስ ብዬ ጠየቅኳቸው። ካሴቱ ባቡሩ የሚመጣበት ቦታ ላይ ተበጥሶ እንደነበርና መጨረሻውን እሳቸውም አይተውት እንደማያውቁ ነገሩኝ።

"ሰው ሁሉ አፌን ያየኛል፣ መምህር" አሉ። "አገሩ የማይገባ ሰው አለ ብዬ በምን ልጠርጥር?"

ብርቄ ሉማሜ አግብታ ደህና እየኖረች መሆኗንም ሳልጠይቃቸው ጨመሩልኝ።

ስልኩን ስዘጋ ስንዱ ታየኛለች። የብርቄን ነገር ድሮም ታውቃለች፤ የፊልሙን ግን ያን ዕለት ነገርኳት። እስከ መጨረሻው ሰማችኝ።

"ካሴቱን ማን ነው የበጠሰው?" አለች።

"ማን ይበጥሰዋል፣ ማሽኑ ነው እንጂ።"

"እጁ ይባረክ" አለች።