እመቤት ማስረጃና የግራ ጉልበቴ

በሆላንድ ምድር መጻሕፍትን በጋራ የሚያነብ ማኅበር ሁሉ አንድ ያልተሾመ ዳኛ አያጣም። የእኛ የዴቬንተር ማኅበር ዳኛ ክብርት ወይዘሮ ሂለከ ተርሆርስት ናቸው። በሆስፒታል ቤተ መጻሕፍት ለሐኪሞች ጥናት ሲያፈላልጉ ሠላሳ አንድ ዓመት ኖረዋል። እርሳቸው ጡረታ ቢወጡም ጥያቄያቸው አልወጣም፤ "ማስረጃው የት አለ?" በሌሉበት "እመቤት ማስረጃ" እንላቸዋለን። በፊታቸው ግን ማንም አይደፍርም።

ማኅበራችን የሚያነበው በደብዳቤ የተተረኩ ልብ ወለዶችን ብቻ ነው። ባለፈው ጥቅምት፣ አንዲት ወጣት ፍቅረኛዋ ከድቷት፣ በትኩሳት እየነደደች የመጨረሻ ደብዳቤዋን የምትጽፍበት ምዕራፍ ላይ ደረስን። ጎረቤቴ ኼሪት መሐረቡን አወጣ። ወይዘሮ ተርሆርስት መነጽራቸውን አስተካከሉ።

"ትኩሳቷን ማን ለካው?"

"ኧረ ወይዘሮ! ልጅቷ እኮ በፍቅር እየሞተች ነው!" አለ ኼሪት።

"ያለችው ራሷ ናት። በሽተኛዋም ምስክሯም አንድ ሰው! ደግሞስ ዘጠኝ ገጽ ሙሉ ጽፋለች፤ ለሞት የተቃረበ ሰው ሁለት መስመር ይበዛበታል።"

ኼሪት መሐረቡን ወደ ኪሱ መለሰ።

ይኸው ኼሪት በልደቱ ቀን፣ ወንበሩ በክብ ተደርድሮ እንግዳው ሁሉ ኬኩን ጭኑ ላይ እንዳስቀመጠ፣ ከትፎ አልጋው አጠገብ ያኖረው ሽንኩርት ሳሉን በአሥር ቀን እንዳጠፋለት አወጀ።

"ያለ ሽንኩርቱስ በስንት ቀን ይጠፋ ነበር?" አሉ ወይዘሮ ተርሆርስት።

"እኔ በምን አውቄ?"

"ጎሽ! እሱን ካላወቁ ሽንኩርቱን ምን ብለው ያመሰግኑታል?"

የእኔ ተራ በጥር ወር ደረሰ። በየዓመቱ በሰኔ መጀመሪያ ከተማችን አራት ምሽት በተከታታይ በእግር ይጓዛል፤ ልጆች ሎሚ ላይ የሰኩትን የሚንት ከረሜላ እየመጠጡ ይዘምራሉ። ከልጅ ልጄ ከፌነ ጋር እጓዝ ነበር፤ ሆኖም ሁለት ዓመት በተከታታይ፣ ገና በሁለተኛው ምሽት፣ ግራ ጉልበቴ አሳፍሮ መለሰኝ። "አያቴ፣ ዘንድሮም ካቋረጥክ ከሊኬ አያት ጋር ነው የምሄደው" አለችኝ። የጓደኛዋ የሊኬ አያት ማለት ሰባ አንድ ዓመቱ ሆኖ እንደ ፌንጣ የሚዘል ሰው ነው። ስለዚህ ጉልበቴን በቀዶ ጥገና ላስጠርግ ቆረጥሁ፤ ወንድሜ አስጠርጎ ድኗልና። ውሳኔዬን ለማኅበሩ ተናገርሁ፤ ስሕተቴም ይህ ነበር።

በሦስተኛው ቀን ደብዳቤ መጣልኝ። ወይዘሮ ተርሆርስት ስልክ ይጸየፋሉ፤ ቤታቸው ከቤቴ ትይዩ ሆኖ ሳለ ቴምብር ለጥፈው በፖስታ ይልካሉ።

"ክቡር አቶ ዊልሚንክ፤ ወንድምዎ አንድ ሰው ናቸው። በዕድሜ ብዛት ባረጁ ጉልበቶች ላይ የተደረጉትን ጥናቶች አገላብጫለሁ። ጉልበታቸውን ባስጠረጉትና በሥርዐት እንቅስቃሴ በሠሩት መካከል፣ ከጊዜ በኋላ የታየው ልዩነት እዚህ ግባ የሚባል አይደለም። ነገር ግን ጥናት ስለ ብዙኃኑ እንጂ ስለ እርስዎ ፍላጎት አይነግረኝም። ከጉልበትዎ የሚሹት ምንድን ነው?"

ይህን እስከዚያ ቀን የጠየቀኝ አልነበረም። ስለ ፌነና ስለ ፌንጣው ጻፍሁላቸው። በመጨረሻም "ጉልበቱ የእኔ መሆኑ አይዘንጋ" አልሁ።

"ማን ካደዎት? ሐኪምዎን ያማክሩ" ሲሉ መለሱ።

ሐኪሜ ዶክተር ኦኒንክ ደብዳቤውን አንብባ ሳቀች። "ሴትዮዋ ልክ ናቸው። አሥራ ሁለት ሳምንት እንቅስቃሴ ይሥሩ፤ ካልሆነልዎ ቀዶ ጥገናው የትም አይሄድብንም።"

እመቤት ማስረጃ ወዲያው ሥርዐት ደነገጉ፤ ቅዳሜ ቅዳሜ የሕመሜን መጠን ከአሥር ቆጥሬ በጽሑፍ እንዳሳውቅ። የመጀመሪያው ደብዳቤዬ "ሰባት" የሚል ብቻ ነበር። በሦስተኛው ሳምንት ስለ ወንዙ ሙላት ጨመርሁ። እርሳቸውም ስለ ሟች ባላቸው ማንኮራፋት ጻፉልኝ፤ በድምፅ መለኪያ ለክተውታል። በስምንተኛው ሳምንት አምስት ገጽ ጽፌ የሕመሙን ቁጥር ረሳሁት፤ በቀይ ቀለም ተገሠጽሁ።

በሰኔ አራቱንም ምሽት ተጓዝሁ። ፌነ እጄን ይዛ መጨረሻው ላይ ስትደርስ፣ የሊኬን አያት ዞር ብላ በኩራት አየችው። ድሌን በሦስት ገጽ አበሠርሁ።

መልሱ አጭር ነበር፤ "እንኳን ደስ አለዎት። አንድ ሰው ስለሆኑ ምንም አያረጋግጡም። ክትትሉ እዚህ ላይ ተፈጽሟል።"

ተፈጽሟል! በቀጣዩ ቅዳሜ ከጠረጴዛዬ ፊት ብዕር ይዤ ተቀመጥሁ፤ የምጽፍለት ሰው አልነበረኝም። አርባ ዓመት ርእሰ መምህር ሆኜ ውጤት የፋቀ ተማሪ ምሬ አላውቅም። ያን ቀን ግን እንዲህ ስል ጻፍሁ፤ "ክብርት ወይዘሮ፤ ጉልበቴ ትናንት ክፉኛ ጠዘጠዘኝ። ስድስት። ክትትሉ ባይቋረጥ ይበጃል።"

ማክሰኞ መልስ መጣ።

"ክቡር አቶ ዊልሚንክ፤ ጠዘጠዘኝ ባሉበት ዕለት ጧት፣ ባቡር እንዳያመልጥዎ ድልድዩን በሩጫ ሲሻገሩ በመስኮቴ አይቻለሁ። ሆኖም ስድስት ብዬ መዝግቤያለሁ። ቅዳሜ እጠብቃለሁ።"